ለማን ነው የሚታየው? ስለ ሁለት አጫጭር ፊልሞችና ራስን ስለማየት

(በምሩቃን ማኅበራችን የመገናኛ ቀን የቀረበ ንግግር)

 

አዘጋጆቹ "ከሙያህ ውጪ የምትወደውን ነገር አንሣ" ሲሉኝ ብዙ ማሰብ አላስፈለገኝም። የጤና ባለሙያ ነኝ፤ ምሽት ምሽት ግን ፊልም ማየት እወዳለሁ። ያውም ሰው እምብዛም የማይፈልጋቸውን፣ አጭርና ግራ የሚያጋቡ የሚባሉትን፣ ሙከራዊ ፊልም የሚሏቸውን ነው። ዛሬ ስለነሱ ላወራችሁ ነው። ከወዲሁ ሰዓታችሁን ያያችሁ አላችሁ፤ አይዟችሁ፣ ምሳ አያመልጣችሁም።

የማነሣው ጉዳይ ግን የመዝናኛ ጉዳይ ብቻ አይደለም። ሰው ራሱን የሚያየው በማን ዓይን ነው? የሚል ጥያቄ ነው። ይህን ጥያቄ በ14 ደቂቃ ፊልም ውስጥ ካስቀመጡት ሰዎች አንዱ የዚህች ከተማ ልጅ ናቸው።

እስቲ አንድ ነገር ልጠይቅ። ፕሮፌሰር ኃይሌ ገሪማን የማያውቅ አለ? የለም። "ጤዛ"ን ያየ? ብዙ እጅ አያለሁ። "ሳንኮፋ"ንስ? ደኅና። "አወር ግላስ" የሚለውን ያየ? ሁለት እጅ። አንደኛው የባለቤቴ ነው፤ እሷም ፈቅዳ አይደለም ያየችው። እንግዲህ ያልታየው ፊልም ላይ እንነጋገር።

ፕሮፌሰር ኃይሌ እ.ኤ.አ. በ1946 እዚህ ጎንደር ተወለዱ። አባታቸው አባ ገሪማ ታፈረ የአርበኞችን ተጋድሎ "ጎንደሬ በጋሻው" በተባለው መጽሐፋቸው የጻፉ፣ ቴአትር ደርሰው ለሕዝብ የሚያሳዩ ሰው ነበሩ። እናታቸው መምህርት ነበሩ። በቤት ውስጥ ታሪክና ተረት ሞልቷል ማለት ነው። ከቤት ሲወጣ ደግሞ ሲኒማ አለ። ሲኒማ ቤቱ ውስጥ የሚታየው ታርዛን ነው።

ፕሮፌሰር ኃይሌ በቃለ መጠይቆቻቸው ደጋግመው የሚያነሡት ነገር አለ። ልጅ ሳሉ እሳቸውና ጓደኞቻቸው ታርዛንን ሲያዩ የሚያጨበጭቡት ለታርዛን ነበር። አፍሪካውያኑ ከኋላው አድፍጠው ሲመጡበት ልጆቹ "መጡብህ!" እያሉ ታርዛንን ለማስጠንቀቅ ይጮሁ ነበር። ከጎንደር ልጆች አንዱም ከጫካው ሰዎች ወገን አልቆመም።

ልብ በሉ። እነዚህ ልጆች አባቶቻቸው ጣሊያንን የተዋጉ ልጆች ናቸው። በየቤታቸው ጋሻና ጎራዴ ተሰቅሏል፤ ማታ ማታ የሚሰሙት የጀግና ታሪክ ነው። ማንም "አንተ ከነጭ ታንሳለህ" ብሎ አላሳደጋቸውም። ሆኖም መብራቱ ጠፍቶ መጋረጃው ላይ ብርሃን ሲበራ ልባቸው ወደየት እንደሄደ አያችሁ? ይህን ሳስብ እኔ ሁልጊዜ በሙያዬ ቋንቋ ነው የሚመጣልኝ፤ ቅኝ አለመገዛት ክትባት አይደለም። ድል ያደረገ አባት ያለው ልጅም በሌላ ሰው ዓይን ራሱን ሊያይ ይችላል፤ ያውም ሳይታወቀው፣ እየሳቀና እያጨበጨበ።

ይህን ጉዳይ ቀድሞ ያስተዋለው የኛው ሙያ ሰው ነው። ፍራንዝ ፋኖን የማርቲኒክ ተወላጅ፣ የአእምሮ ሐኪም ነበር። እ.ኤ.አ. በ1952 ባሳተመው "ጥቁር ቆዳ፣ ነጭ ጭምብሎች" በተባለው መጽሐፉ ውስጥ፣ በግርጌ ማስታወሻ ላይ፣ ታርዛንን ያነሣል። ሐሳቡ ባጭሩ ይህ ነው። ያው ጥቁር ወጣት ያንኑ የታርዛን ፊልም በሁለት ቦታ ይየው። በትውልድ ደሴቱ ሲያየው ከታርዛን ጋር ይወግናል። አውሮፓ ሄዶ በነጮች መካከል ተቀምጦ ሲያየው ግን ነገሩ ይቸግረዋል፤ ምክንያቱም በዙሪያው ያሉት ተመልካቾች እሱን የሚያስቡት ፊልሙ ውስጥ ካሉት "አረመኔዎች" ጋር ነው። ፊልሙ አልተለወጠም። የተለወጠው አጠገቡ የተቀመጠው ሰው ነው።

ጎንደር ላይ የሆነውና ፋኖን ማርቲኒክ ላይ ያየው አንድ ነገር ነው። የቀረው ሁለተኛው ክፍል፣ አውሮፓ ውስጥ ያለው፣ ነበር። እሱም በጊዜው መጣ።

ፕሮፌሰር ኃይሌ እ.ኤ.አ. በ1967 ቴአትር ሊማሩ ወደ ቺካጎ ሄዱ። አባታቸው ደራሲ በሆኑበት ቴአትር ያደገው ወጣት እዚያ ሲደርስ የሚሰጡት ሚናዎች የአሽከር ሚናዎች ሆነው አገኛቸው። ጎንደር ላይ ታርዛንን ያስጠነቅቅ የነበረው ልጅ አሁን መድረኩ ላይ ቆሞ፣ ተመልካቹ ከየትኛው ወገን እንደሚቆጥረው ተረዳ። ከዚያም ወደ ሎስ አንጀለስ ተሻግረው፣ ዩ.ሲ.ኤል.ኤ በሚባለው የካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ ፊልም መማር ጀመሩ። በዚያን ጊዜ እዚያ የነበሩት ጥቁር ተማሪዎች፣ እነ ቻርልስ በርኔት፣ ቆይታም ጁሊ ዳሽ፣ በኋላ "ኤል ኤ ሪቤሊየን" የሚል ስም የተሰጠው ስብስብ ናቸው። ገንዘብ የላቸውም። አንዱ ሲሠራ ሌላው ካሜራ ይይዝለታል፤ እሱ ሲሠራ ደግሞ ያኛው ድምፅ ይቀዳለታል። በኛ አባባል ደቦ ነው።

"አወር ግላስ" በዚህ ደቦ መሐል እ.ኤ.አ. በ1971 የወጣ የተማሪ ሥራ ነው። ርእሱን "የአሸዋ ሰዓት" ልንለው እንችላለን። 14 ደቂቃ ነው። ታሪኩ በሁለት ዐረፍተ ነገር ያልቃል። አንድ ጥቁር ወጣት የቅርጫት ኳስ ተጫዋች ነው፤ የሚጫወተው ለነጭ ተመልካቾች ነው። ማንበብ ሲጀምር፣ እነ ፋኖንን ሲያነብ፣ ስለ ማርቲን ሉተር ኪንግ፣ ስለ ማልኮም ኤክስና ስለ አንጀላ ዴቪስ ሲያስብ፣ እዚያ ሜዳ ላይ የሚሠራው ሥራ ምን እንደሆነ መጠየቅ ይጀምራል።

እኔን የያዘኝ ነገር ይህ ነው፤ ወጣቱ የሚጠራጠረው ጭብጨባን ነው። ሰው ሲሰድብህ ማወቅ ቀላል ነው፤ ትቆጣለህ፣ መልስ ትሰጣለህ። ሲያጨበጭብልህ ግን "ይህ ጭብጨባ ለኔ ነው ወይስ እኔ ለምሠራለት ትርኢት?" ብሎ መጠየቅ ከባድ ነው። በሽታ ካልን፣ ሕመም የሌለው በሽታ ነው። እናንተ ደግሞ ሕመም የሌለው በሽታ ምን ያህል እንደሚያስቸግር ከኔ በላይ ታውቃላችሁ፤ ታካሚው በራሱ እግር አይመጣም።

ታዲያ ይህን ለመናገር ለምን አጭር ፊልም? ለምንስ ግራ የሚያጋባ? ብዙ ሰው ሙከራዊ ፊልም ሲያይ "ታሪኩ የት አለ?" ይላል። ባለቤቴም ብላኛለች። መልሱን ለማግኘት ጎንደሬ ሩቅ መሄድ የለበትም። ቅኔ ቤት የገባ ሰው ያውቀዋል። ጉባኤ ቃና ሁለት ቤት ነው፤ መወድስ ስምንት ቤት ነው። ጉባኤ ቃናን "የመወድስ ሩብ ነው" የሚል ግን የለም። የራሱ ሙሉ ሥራ አለው። ሁለት ነገሮችን አጠገብ ላጠገብ ያስቀምጥና ትርጉሙን ለሰሚው ይተውለታል። ሰሚው ካልሠራ ቅኔው አይፈታም። ሙከራዊ አጭር ፊልምም እንደዚያ ነው። ሜዳውን ያሳይህና ወዲያው መጽሐፉን ያሳይሃል፤ "ስለዚህ" የሚለውን ቃል ግን አይነግርህም። "ስለዚህ"ን የምትለው አንተ ነህ። ረጅሙ የታሪክ ፊልም ተከትለኸው እንድትሄድ እጅህን ይይዝሃል፤ ይሄኛው ግን መንገድ ላይ ያቆምሃል። የተለመደውን አስተያየት ለመስበር ደግሞ መቆም ያስፈልጋል። ታርዛን ላይ ያጨበጨበው ልጅ እኮ የተከተለው ስለተመራ ነው፤ ካሜራው ከማን ጋር እንደሚሮጥ ስላልጠየቀ ነው።

ሁለተኛው ፊልም "ቻይልድ ኦፍ ሬዚስታንስ" ይባላል፤ እኔ በቤቴ "የእምቢታ ልጅ" ነው የምለው። የ1972 ሥራ ነው፤ 36 ደቂቃ፣ ጥቁርና ነጭ ከቀለም ጋር ተቀላቅሎበታል። መነሻው ሕልም ነው። አንጀላ ዴቪስ እ.ኤ.አ. በጥቅምት 1970 ስትያዝ ፕሮፌሰር ኃይሌ እጇ በካቴና ታስሮ በቴሌቪዥን ያዩአታል። ሌሊት በሕልማቸው መጣች። ሕልሙን ጻፉት፤ ፊልሙም ከዚያ ወጣ። በፊልሙ ውስጥ ባርባራ ኦ. ጆንስ የምትጫወታት ሴት ታስራለች፤ የምናየው ግን በአብዛኛው የእስር ቤቱን ውሎ ሳይሆን የሷን ሕልምና ስጋት ነው። ጊዜና ቦታ በተራ አይሄዱም።

እዚህ ላይ ልዩነቱን እንየው። ቴሌቪዥኑ ያሳየው ከውጪ ነው፦ ካቴና፣ ፖሊስ፣ የተያዘች ሴት። ይህ ውሸት አይደለም፤ በእርግጥም ተይዛለች፤ በኋላ በ1972 ፍርድ ቤት በነፃ አሰናበታት። ግን ካሜራው ከፖሊሱ ጎን ቆሞ ነው ያነሣት። ፊልሙ ያንኑ ምስል ይወስድና ካሜራውን ወደ ውስጥ ያዞረዋል። "እሷ ምን ትመስላለች?" የሚለውን ትቶ "ለሷ ዓለም ምን ይመስላታል?" ብሎ ይጠይቃል። አንድ ሰው ከታሳሪ ወደ ሰው የሚመለሰው በዚህች ዙር ነው።

ይህ የካሜራ ጉዳይ የፈረንጅ አገር ጣጣ እንዳይመስላችሁ። በዚህች ከተማ ካሜራ ሳይፈጠር በፊት ተጠይቋል። ደብረ ብርሃን ሥላሴ ገብታችሁ ወደ ጣሪያው ያንጋጠጣችሁ ሁሉ ታስታውሳላችሁ፤ መላእክቱ ቁልቁል በትልልቅ ዓይናቸው ያዩአችኋል። እናንተ ሥዕሉን ልታዩ ገብታችሁ ሥዕሉ እናንተን ሲያይ ታገኙታላችሁ። የአገራችን ሠዓሊዎች የቆየ ሕግ ነበራቸው፤ ጻድቁ ፊት ለፊት፣ በሁለት ዓይኑ ይሣላል፤ ክፉው ከጎን፣ በአንድ ዓይን ይሣላል። ሁለት ዓይን የተሰጠው ያይሃል፤ አንድ ዓይን የተሰጠው ይታያል እንጂ አያይህም። ማን ያያል፣ ማን ይታያል የሚለውን ሠዓሊው በብሩሹ ይወስን ነበር።

እቴጌ ምንትዋብንም አስቡ። ቁስቋምን ያሠሩት፣ በጣና ደሴት ላይ ናርጋ ሥላሴን ያሠሩት እቴጌ፣ እዚያው ናርጋ ውስጥ ተሥለዋል። በዙፋን ላይ ተቀምጠው አይደለም፤ በእመቤታችን እግር ሥር ወድቀው ነው። ንግሥት ናቸው፤ እንዴት እንደሚታዩ መምረጥ ይችሉ ነበር። የመረጡትም ይህን ነው። ሠዓሊውን ያዘዘ ሰው የሚታይበትን አቋቋም ይወስናል። ታዲያ ሠዓሊ ማዘዝ የማይችለውስ? እሱን የሚያነሣው ማን ነው?

እዚህ ላይ የብዙዎቻችሁን ትዝታ ልቀስቅስ። ለቡድን ሥልጠና ወደ ቆላ ድባ፣ ወደ ዳባት፣ ወደሌላውም ጤና ጣቢያ የወጣችሁ ሁሉ፣ ያቺን ዘመን ትረሷታላችሁ? የጤና መኮንኑ፣ ነርሷ፣ ሳኒታሪያኑ፣ ላብራቶሪው አንድ ቤት አድረን፣ አንድ ድስት በልተን፣ ሪፖርት የጻፍንባትን? የኛ ቡድን አንድ ቀን ያልጎለበተ ምንጭ ሊያይ ወጣ። ለሪፖርቱ ፎቶ ያስፈልጋል። ከምንጩ አፍ ላይ አንዲት እናት ጎንበስ ብለው በቅል እየጨለፉ እንስራቸውን ይሞላሉ። ካሜራ የያዘችው የቡድናችን ነርስ ስታነሣቸው ቀና አሉና "ልጄ፣ ለማን ነው የሚታየው?" ብለው ጠየቁ። "ለበላይ ነው እማማ፤ ምንጩ እንዲሠራ" አለቻቸው። "እንግዲያ ቆዪኝ" አሉና ወደ ቤታቸው ወጡ። እኛም ጠበቅን። ሲመለሱ ነጭ ነጠላቸውን ለብሰው፣ ፀጉራቸውን በሻሽ አስረው መጡ። እንስራውን ከጎናቸው አስቀምጠው ቀጥ ብለው ቆሙ። "አሁን አንሺኝ" አሉ። አነሣቻቸው።

ሪፖርቱ ውስጥ የገባው የመጀመሪያው ፎቶ ነው። መቼም ምክንያቱ ይገባችኋል፤ የምዕራፉ ርእስ "ዋና ዋና ችግሮች" ነበር፤ ነጠላ የለበሰች፣ ቀና ብላ የቆመች ሴት ደግሞ ችግር አትመስልም። ሁለቱም ፎቶዎች እውነት ናቸው። ምንጩም ቆሻሻ ነበር፤ እናትየውም ክብራቸውን የሚያውቁ ሰው ነበሩ። ግን ወረቀታችን ለአንደኛው ብቻ ነው ቦታ የነበረው። እሳቸው የጠየቁት ጥያቄ ከዚያ በኋላ ካየኋቸው ፊልሞች ሁሉ ጋር አብሮኝ ኖሯል። "አወር ግላስ" ውስጥ ያለው ተጫዋች የሚጠይቀውም ከዚህ የተለየ አይደለም። ለማን ነው የሚታየው?

አሁን ወደ ሰሜኑ ደጋ እንውጣ። ዛሬ ዳባት ወይም ደባርቅ ላይ የሚያድግ የ15 ዓመት ልጅ ስልክ ይዟል። በስልኩ ውስጥ የራሱን አገር ይፈልጋል። ምን ያገኛል? አንደኛ፣ የሰሜን ተራሮች ብሔራዊ ፓርክን ያገኛል፤ በ1978 እ.ኤ.አ. በዓለም ቅርስነት የተመዘገበ ነው፤ ያምራል። ገደሉ አለ፣ ዋልያው አለ፣ ጭላዳው አለ። በሥዕሉ ጠርዝ ላይ አልፎ አልፎ አንድ ጋቢ የለበሰ እረኛ ይታያል፤ ስሙ አይነገርም። ሁለተኛ፣ ባለፉት ዓመታት የሆነውን ያገኛል፤ ጦርነትን፣ ስደተኛን፣ የፈረሰ ቤትን። ሦስተኛ፣ የከተማ ልጅ ከሆነ የፋሲል ግንብን ያገኛል፤ የጥምቀትን ቀን ያገኛል። ሁሉም እውነት ነው። ግን ልጁ ራሱ የት አለ? ጠዋት ብርድ ላይ ትምህርት ቤት የሚሄደው፣ ገብስ የሚያጭደው፣ ሒሳብ የሚከብደው፣ አንዲት ልጅ ወዶ የማይነግራት ልጅ? ያን ልጅ ማንም አላነሣውም። እሱም ራሱን ሲያነሣ ያየውን አቋቋም ይቆማል፤ ወይ ከግንቡ ፊት፣ ወይ ከገደሉ አፋፍ። ይህን ስል ወጣቶቹን ለመውቀስ አይደለም። ሰው ያየውን ነው የሚቀዳው፤ እኛም በነሱ ዕድሜ ፎቶ ቤት ገብተን ግድግዳው ላይ ከተሣለ አውሮፕላን ፊት የቆምን ሰዎች ነን።

ፕሮፌሰር ኃይሌ በኋላ የሠሯቸው ትልልቅ ፊልሞች ይህን ክፍተት ለመሙላት የተደረጉ ናቸው ብዬ አምናለሁ። ገና ተማሪ ሳሉ፣ በ1974 እ.ኤ.አ.፣ አብዮቱ በፈነዳበት ዓመት፣ አገር ቤት መጥተው "ምርት ሦስት ሺህ ዓመት"ን በጥቁርና ነጭ ቀረጹ። ገበሬዎቹን የተጫወቱት የሠለጠኑ ተዋንያን አልነበሩም። ፊልሙ በ2006 የማርቲን ስኮርሴዚ ድርጅት ካስጠገናቸው የዓለም ፊልሞች አንዱ ሆነ። "ጤዛ" ደግሞ በ2008 ቬኒስ ላይ የዳኞች ልዩ ሽልማትና የስክሪፕት ሽልማት፣ በ2009 ዋጋዱጉ ላይ የፌስፓኮን ታላቅ ሽልማት አገኘ።

"ጤዛ"ን ያየነው አብዛኞቻችን እንደ ታሪክ ፊልም ነው፤ ስለ ደርግ ዘመን። እስቲ እንደ ጤና ምሩቅ መልሳችሁ እዩት። ዋናው ሰው አንበርብር ማን ነው? ጀርመን የተማረ የሕክምና ሰው ነው። በሽታ ሊያጠፋ፣ አገር ሊያገለግል የተማረ። ወደ ጣና ዳር ወደ ትውልድ መንደሩ ሲመለስ አንድ እግሩ የለም፤ ትዝታውም ተሰባብሯል። እናቱ የሚያዩት ልጃቸውን ነው፤ የመንደሩ ሰው የሚያየው ከፈረንጅ አገር ባዶ እጁን የመጣ ሰው ነው፤ ታጣቂዎች የሚያዩት ተጠርጣሪ ነው። ጀርመን ላይ ደግሞ እግሩን ያሳጡት ዘረኞች የሚያዩት ቆዳውን ብቻ ነበር። እሱ ራሱን የሚያይበት ዓይን ግን ጠፍቶበታል። ፊልሙም ልክ እንደ እነዚያ የተማሪነት አጫጭር ፊልሞች ነው የተቀነባበረው፤ ትዝታው በተራ አይመጣም፣ ተቆርጦ ይመጣል፣ አንድ ድምፅ ከሌላ ቦታ ምስል ጋር ይገጥማል። በ1971 በ14 ደቂቃ የተሞከረው ነገር ከ37 ዓመት በኋላ የአንድ ጎንደሬ ሐኪም አእምሮ ሆነ። ከውጪ ተምረን የተመለስን፣ ወይም ሄደን የቀረን፣ ከእኛ መካከል አንበርብርን የማያውቀው ማን ነው?

እሳቸው ብቻ አይደሉም። ወይዘሮ ሳሌም መኩሪያ አሜሪካ ሆነው ስለ ኢትዮጵያ የቪዲዮ ሥራዎች ሠርተዋል፤ አንደኛው ሥራቸው በሦስት ጎን ለጎን በቆሙ ምስሎች የሚታይ ነው። እኔ ሳስበው የኛን ባለ ሦስት ገጽ ተከፋች ሥዕል ያስታውሰኛል። አንድ ታሪክ በአንድ ምስል አያልቅም ማለታቸው ይመስለኛል። የዚያች የምንጩ እናት ሁለት ፎቶ ጎን ለጎን ቢቀመጥ እንደማለት ነው።

እንግዲህ ወደ ቤታችን ጉዳይ ልግባ፤ መምህራኖቻችንም እዚህ ስላሉ። ዩኒቨርሲቲያችን በ1947 ዓ.ም. የጤና ባለሙያ ማሠልጠኛ ሆኖ ሲጀመር የተመሠረተበት ሐሳብ ግልጽ ነበር፤ ሐኪም ታካሚው የሚኖርበትን ቤት ይይ የሚል ነበር። ለዚህ ነው ተማሪ ወደ ገጠር የሚወጣው። እኔ የምለው ያንን ሐሳብ አንድ እርምጃ እንጨምርበት ነው፤ ታካሚው ራሱን እንዴት እንደሚያይም እንይ። ሦስት ነገር አቀርባለሁ፤ ሦስቱም ትንንሽ ናቸው።

አንደኛ፣ "አወር ግላስ" እና "ቻይልድ ኦፍ ሬዚስታንስ" በባለመብቱ ፈቃድ እዚህ ግቢ ውስጥ፣ ከአማርኛ ማብራሪያ ጋር ይታዩ። ሁለቱ ተደምረው አንድ ሰዓት አይሞሉም። ዋሽንግተን ያላችሁ ምሩቃን ደግሞ መንገዱ ቅርባችሁ ነው፤ የፕሮፌሰር ኃይሌና የባለቤታቸው የሳንኮፋ መጻሕፍት ቤት እሳቸው ለብዙ ዘመን ካስተማሩበት ከሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ ፊት ለፊት ነው። ሄዳችሁ ቡና ጠጡ፣ ጠይቁልን።

ሁለተኛ፣ በዓመት አንድ ምሽት የተማሪዎች አጭር ፊልም ይኑረን። በስልክ ቢቀረጽ ይበቃል። ከ14 ደቂቃ አይበልጥ። ከየትኛውም ትምህርት ክፍል ይሁን፤ ከነርሲንግም ከግብርናም ከሕግም። አንድ ሕግ ብቻ ይኑረው፤ በፊልሙ ውስጥ የሚታየው ሰው ከማንም በፊት ፊልሙን ይየው። "ለማን ነው የሚታየው?" ሲል "መጀመሪያ ለርስዎ" ተብሎ ይመለስለት። ሽልማቱን እኛ ምሩቃኑ እናዋጣለን፤ እዚህ አዳራሽ ውስጥ ካለው ኪስ አይጠፋም።

ሦስተኛው ደግሞ ቤተ መጻሕፍታችንን ይመለከታል። የዩ.ሲ.ኤል.ኤ የፊልም ቤተ መዛግብት እነዚያን ተማሪዎች አልረሳቸውም። ከአርባ ዓመት በኋላ፣ በ2011 እ.ኤ.አ.፣ ሥራዎቻቸውን ፈልጎ፣ አሰባስቦ፣ ያረጀውን ጠግኖ ለዓለም አሳየ። በእጁ ያለው ገንዘብ ያልነበራቸው ተማሪዎች የሠሩት አጭር ፊልም ነው። ዛሬ ስለ "አወር ግላስ" ማውራት የቻልኩት አንድ ዩኒቨርሲቲ የተማሪን ሥራ "የተማሪ ሥራ ነው" ብሎ ስላልጣለ ነው። እኛም በየመሳቢያችን የቡድን ሥልጠና ፎቶ አለን፤ የምረቃ ቀን፣ የሠርግ፣ የመስክ ካሴት አለን። እየሻገተ ነው። የዛሬዎቹ ተማሪዎች ሥራ ደግሞ ስልክ በተሰበረ ቁጥር ይጠፋል። አንድ መደርደሪያና አንድ ኃላፊ ይመደብለት። ስናስረክብ ደግሞ የሰዎቹን ስም ከጀርባው እንጻፍ፤ ስም የሌለው እረኛ ይብቃን።

አውቃለሁ፤ "አገር በዚህ ሁኔታ ላይ ሳለ ፊልም?" የሚል አለ። ተገቢ ጥያቄ ነው። እኔ የምመልሰው እንዲህ ነው። ሰው ሲታመም መጀመሪያ ታሪኩን እንጠይቀዋለን፤ "ምን ሆነሃል?" እንለዋለን እንጂ ፋይሉን አይተን አንወስንም። እንዲህ ያስተማሩን እዚህ የተቀመጡት መምህራኖቻችን ናቸው። የዚህ አካባቢ ሰው በብዙ ተጎድቷል፤ ስለ ጉዳቱም ሌሎች ብዙ ተናግረዋል፣ ብዙም ቀርጸዋል። እሱ ራሱ ታሪኩን ሳይናገር የሚሰጠው መድኃኒት አይስማማውም። ካሜራ ታሪክ ከምንጠይቅባቸው መንገዶች አንዱ ነው፤ አሁን ደግሞ በየልጁ ኪስ ውስጥ ነው ያለው።

ታርዛንን ያስጠነቅቁ ከነበሩት ልጆች አንዱ አድጎ ካሜራውን አዞረ። ዛሬም ከጎንደር፣ ከደባርቅ፣ ከአምባ ጊዮርጊስ፣ ከጭልጋ ካሜራውን ሊያዞር የሚችል ልጅ በየክፍላችሁ ተቀምጧል፤ የተከበራችሁ መምህራን፣ ምናልባት ከኋላ ወንበር ላይ ስልኩን የሚነካካው እሱ ይሆናል። ስልኩን ከመንጠቃችሁ በፊት ምን እየቀረጸ እንደሆነ ጠይቁልኝ።

  አሁን ወደ ምሳ።